ተጫዋቾች ወደ ሠሯቸው የተኩስ ጨዋታ ሞዶች እንዴት ይገባል? ለፍኖተ ሰላም፣ ለቡሬና ለአካባቢው ተጫዋቾች የተዘጋጀ መመሪያ

ፓብጂ ሞባይልን የከፈተ ሰው መጀመሪያ የሚያገኘው የታወቀውን ጨዋታ ነው። መቶ ሰው ከአውሮፕላን ይወርዳል፣ መሣሪያ ይለቅማል፣ ከሠላሳ ደቂቃ ገደማ በኋላ አንድ ቡድን ይቀራል። በፍሪ ፋየርም ሐምሳ ሰው ይገባና ጨዋታው በአሥር ደቂቃ አካባቢ ያልቃል። ከዚህ ገጽ አለፍ ሲሉ ግን ተጫዋቾች ራሳቸው ካርታውን ስለው፣ ሕጉን ደንግገው ለሌላው የለቀቋቸው ሞዶች በብዛት ተቀምጠዋል። ድብብቆሽ አለ፤ ሌባና ፖሊስ አለ፤ ከጣሪያ ጣሪያ የሚዘለልበት አለ፤ ጠብመንጃ ጭራሽ የሌለበት የመኪና ውድድርም አለ።

እነዚህ ሞዶች ለምዕራብ ጎጃም ተጫዋች ከዋናው ጨዋታ ይልቅ ይስማማሉ። በፍኖተ ሰላምና በቡሬ፣ በመካከላቸው ባለችው ማንኩሳ፣ በጅጋ፣ በደምበጫ ወይም በሽንዲ ዙሪያ ያለ ወጣት ስልኩ መካከለኛ ነው፣ ዳታው በብር ይገዛል፣ መብራትና ኔትወርክ ደግሞ ይቆራረጣሉ። ተጫዋች የሠራው ሞድ ዙሩ አጭር፣ ሰዉ ጥቂት ሊሆን ይችላል። መስመሩ ቢቋረጥ የሚወርድ ራንክ የለም። ክፍሉን የሚከፍተውም የሰፈር ልጅ ነው። ጥቅሙን ለማግኘት ግን ቅደም ተከተሉን መገልበጥ ያስፈልጋል። ካርታ ከመምረጥ በፊት ሰውንና ኔትወርክን ማየት ይገባል።

ከየት መጡ?

የዛሬዎቹ ታላላቅ ጨዋታዎች ራሳቸው የተወለዱት ከተጫዋች እጅ ነው። ሚን ሌ እና ጄስ ክሊፍ የተባሉ ሁለት ወጣቶች ሃፍ ላይፍ የተባለውን ጨዋታ ለውጠው ካውንተር ስትራይክን እ.ኤ.አ. በ1999 በነፃ ለቀቁ። የሃፍ ላይፍ ባለቤት ቫልቭ ሥራውን ገዝቶ በ2000 ለገበያ አቀረበው።

የፓብጂ ታሪክ ደግሞ ሁለት ደረጃ አለው። ዲን ሆል አርማ 2 የተባለውን የውትድርና ጨዋታ ለውጦ በ2012 ዴይዚን ሠራ። በ2013 አየርላንዳዊው ብሬንዳን ግሪን ዴይዚን እንደገና ለውጦ እስከ መጨረሻው ሰው የሚዘልቀውን የፍልሚያ ሕግ አስገባበት። ያ ሕግ በ2017 ፓብጂ ሆኖ ወጣ፣ በ2018 ስልክ ላይ ደረሰ። አሁን ኩባንያዎቹ የካርታና የሕግ መሥሪያውን መልሰው ለተጫዋቹ ሰጥተዋል። ፎርትናይት ክሪኤቲቭን በ2018 ከፈተ፤ ፍሪ ፋየር በ2021 ክራፍትላንድን፣ ፓብጂ ሞባይል በ2023 ወርልድ ኦፍ ዎንደርን አስከተሉ።

1. አስቀድመው ሰው ያሰባስቡ

ብቻውን ወደ እነዚህ ሞዶች የገባ ሰው ብዙ ጊዜ የሚጠብቀው ባዶ ክፍል ነው። በጣም የታወቁት ካርታዎች እንግዳ ከእንግዳ ያገናኛሉ፤ የቀሩት ግን ሰው ይዞ ለመጣ ነው የሚመቹት። ስለዚህ ከአራት እስከ አሥር የሚሆኑ ጓደኞችን በአንድ የቴሌግራም ግሩፕ ይሰብስቡና ቀንና ሰዓት ይቁረጡ። ከገጠር ቀበሌ የሚመጣ ጓደኛ ካለ፣ ከተማ የሚገባበትን የገበያ ቀን መምረጥ ይበጃል፤ በከተማ የሚያገኘው ኔትወርክ ብዙውን ጊዜ የተሻለ ነውና።

ከውጭ አገር ሆኖ የሚጫወት ዘመድ ካለ «ማታ 2 ሰዓት» ማለት ብቻውን አይበቃም። በውጭው አቆጣጠር በኢትዮጵያ 20 ሰዓት መሆኑን ጨምረው ይጻፉለት።

ሰዉ ከተሰበሰበ በኋላ ሁለት ነገር ይጣራ። አንደኛ፣ ሁሉም ጨዋታውን ወደ አንድ ዓይነት እትም ማደሳቸው፤ አንዱ አሮጌ እትም ከያዘ ክፍሉ አያስገባውም። ሁለተኛ፣ ሁሉም በአንድ ሰርቨር መሆናቸው። በፍሪ ፋየር ክልሉ አካውንቱ ሲከፈት ይያዛል፤ በቪፒኤን ከፍቶ የሌላ ክልል ተጫዋች የሆነ ሰው ከጓደኞቹ ጋር ላይገናኝ ይችላል። በፓብጂ ሞባይል ሰርቨሩን ከሎቢው፣ ማለትም ጨዋታው ሲከፈት ከሚመጣው ዋና ገጽ መርጦ አንድ ማድረግ ይቻላል።

2. ኔትወርኩን ይመርምሩ

የጨዋታው ጥራት በዋናነት የሚለካው በፒንግ ነው። ፒንግ ማለት ከስልኩ የወጣ መልእክት ሰርቨሩ ጋ ደርሶ እስኪመለስ የሚፈጀው ጊዜ ሲሆን የሚለካውም በሚሊሰከንድ፣ ማለትም በሰከንድ አንድ ሺህኛ ነው። ብርሃን በፋይበር ውስጥ በአንድ ሚሊሰከንድ 200 ኪሎ ሜትር ያህል ይጓዛል። የኢትዮጵያ ኢንተርኔት ደግሞ እንደ ጅቡቲ ባሉ ጎረቤት አገሮች በኩል ወጥቶ ነው ወደ ውጭ ሰርቨር የሚደርሰው። ፍኖተ ሰላም ያለ ስልክ ቡሬ ካለው ስልክ ጋር ሲጫወት እንኳ እያንዳንዱ ተኩስ አገር አቋርጦ ሄዶ ይመለሳል። ሁለቱ ከተሞች ጎረቤት ስለሆኑ ብቻ ፒንጉ አያንስም።

ከ100 በታች የሆነ ፒንግ ለማንኛውም ሞድ ይመቻል። ከ100 እስከ 200 ያለው ያጫውታል፣ ግን ቀድሞ መተኮስን ለሚጠይቅ ሞድ ይከብዳል። ከ200 በላይ ከሆነ ድብብቆሽን፣ ዝላይን ወይም በጋራ ጭራቆችን መከላከልን የመሰሉ፣ በቅጽበት የማይወሰኑ ሞዶችን ይምረጡ። ከቁጥሩ በላይ የሚያናድደው መዋዠቁ ነው። 150 ላይ የጸና ፒንግ በ60 እና በ400 መካከል ከሚዘል ይሻላል።

ቡድኑ ከመግባቱ በፊት እያንዳንዱ ሰው ወደ ልምምድ ሜዳ ገብቶ አምስት ደቂቃ ይቆይና ፒንጉን ይመልከት። የስልኩ ምልክት 2ጂ ብቻ ካሳየ የትኛውም ኦንላይን የተኩስ ጨዋታ አይሠራም። ግድግዳው ወፍራም በሆነ ቤት ውስጥ ላለ ሰው ወደ መስኮት ወይም ወደ በረንዳ መውጣት ብቻውን ለውጥ ያመጣል።

የዳታው ጉዳይ ሁለት ቦታ ይከፈላል። ጨዋታው ራሱ ብዙ ዳታ አይበላም፤ የሚበላው ማደሻውና የካርታ ማውረጃው ነው። ማደሻውን ዋይፋይ ባለበት ቦታ ወይም በሌሊት ጥቅል ያውርዱ። የኢትዮ ቴሌኮም ጥቅሎች በ*999#፣ የሳፋሪኮም በ*777# ይገኛሉ። የመጀመሪያው ጨዋታ እንዳለቀ የስልኩን ቅንብር ከፍተው የዳታ አጠቃቀም የሚለውን ይመልከቱ፤ ጨዋታው ስንት ሜጋባይት እንደወሰደ ያሳያል፤ የሚቀጥለውን ጥቅል በዚያው ልክ መግዛት ይቻላል። ከበስተጀርባ የሚሠሩትን ቲክቶክና ዩቲዩብ መዝጋትም አይረሳ።

3. ካርታውን በኮዱ ይፈልጉ

በፍሪ ፋየር ሎቢው ላይ የጨዋታ ዓይነት የሚመረጥበትን ቦታ ይጫኑና ክራፍትላንድ የሚለውን ይክፈቱ። በፓብጂ ሞባይልም ከዚያው ከጨዋታ መምረጫው ወርልድ ኦፍ ዎንደር የሚለው ይገኛል። ሁለቱም ቦታ የታወቁ ካርታዎችን ዝርዝርና መፈለጊያ ሳጥን ያቀርባሉ። በየማደሻው የአዝራሮቹ ቦታ ስለሚቀያየር ስማቸውን ይዞ መፈለግ ይሻላል።

እያንዳንዱ ካርታ የራሱ መለያ ኮድ አለው። ጓደኛ የላከውን ኮድ በእጅ ከመጻፍ ገልብጦ መለጠፍ ስህተትን ያስቀራል፤ በፎርትናይት ለምሳሌ ኮዱ 12 አኃዝ ነው፣ አንዱ ቢሳሳት ወደ ሌላ ደሴት ይወስዳል ወይም ምንም አያመጣም። ኮዱ ትክክል ሆኖ ካርታው ካልተገኘ፣ ሠሪው አንስቶት ወይም ኩባንያው አግዶት ሊሆን ይችላል።

ካርታው ሲገኝ ወዲያው አይግቡ። መጀመሪያ ስንት ሰው እንደሚይዝ፣ ስንት ሰው እንደወደደው፣ መቼ እንደታደሰ ይመልከቱ። ስድስት ሰው ይዞ ለሃያ ሰው የተሠራ ካርታ ውስጥ መግባት እርስ በርስ ሲፈላለጉ መዋል ነው። ብዙ ዕቃ የተከመረበት ካርታም አነስተኛ ራም ያለውን ስልክ ያግላል፣ አንዳንዴም ጨዋታውን ይዘጋዋል። ለመጀመሪያ ቀን ጠባብና ግልጽ ካርታ ይበቃል። ከዚያ ካርታውን በምርጫዎ ውስጥ ያስቀምጡት፣ ኮዱንም በቴሌግራም ግሩፑ አናት ላይ ይሰኩት።

4. ክፍል ይክፈቱ ወይም የተከፈተውን ይቀላቀሉ

ከቡድኑ ውስጥ ኔትወርኩ የጸናና ባትሪው የሞላ ሰው ክፍሉን ይክፈት። ሌሎቹ የክፍሉን ቁጥር አስገብተው ይገባሉ፣ ወይም በጓደኛ ዝርዝር በኩል ግብዣ ይላክላቸዋል። ፓስወርድ ማስገባት የማያውቁት ሰው በጨዋታው መካከል ዘው እንዳይል ይከላከላል፤ ፓስወርዱ ግን ለሌላ አካውንት የሚጠቀሙበት መሆን የለበትም።

ክፍሉ ውስጥ የገባ ሰው ሦስት ነገር ያድርግ። በየትኛው ቡድን እንደተመደበ ይይ፣ ካርታው አውርዶ መጨረሱን ያረጋግጥ፣ ከዚያ ዝግጁ የሚለውን ይጫን። ብዙ ክፍል የሚዘገየው አንድ ሰው ዝግጁ ሳይል ሌላ ገጽ ስለሚከፍት ነው። ሁሉም በአንድ ቤት ከተቀመጡ የጨዋታውን ማይክ ይዝጉት። ድምፁ ከአንዱ ስልክ ወደ ሌላው እየገባ ያስተጋባል፣ ዳታም ይወስዳል።

5. ሕጉን ጮክ ብለው ያንብቡ

በኩባንያው ጨዋታ ሕጉን ሁሉም ያውቀዋል። እዚህ ግን አንዱ ካርታ ሁለት ቦምብ ጥሎ የሚያልቅ፣ ሌላው ሃያ ሰው እስኪወድቅ የሚቀጥል፣ ሦስተኛው በጥይት ሳይሆን በቢላዋ ብቻ የሚያሸንፉበት ነው። ገና ሲጫወቱ ግቡንና ወሰኑን ተስማምተው እንደሚጀምሩት ሁሉ እዚህም ስምምነቱ ይቅደም። ክፍሉን የከፈተው ሰው አራት ነገር ይንገር፦ አሸናፊው በምን እንደሚለይ፣ የሞተ ሰው ተመልሶ ይነሣ እንደሆነ፣ የተከለከለው መሣሪያ የትኛው እንደሆነ፣ ዙሩ ስንት ደቂቃ እንደሚፈጅ።

ሠሪው በካርታው መግለጫ ላይ ሕጉን በእንግሊዝኛ፣ በዓረብኛ ወይም በፖርቱጋልኛ ጽፎት ሊሆን ይችላል። የስልኩን ስክሪን ፎቶ አንሥቶ በጎግል ትርጉም ማየት ይቻላል። ያም ካልሆነ አንድ ዙር ሳይቆጠር ይጫወቱ። ሁሉም ሰው ግድግዳውን ይንካ፣ በሩን ይክፈት፣ መሣሪያ የሚገኝበትን ቦታ ይወቅ። ውጤት መያዝ የሚጀምረው ከሁለተኛው ዙር ነው።

እዚህ ላይ ስለ ቤተሰብ ማንሣት ያስፈልጋል። የአማራ ክልል ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህ ባሳለፈው ግጭት እውነተኛ ተኩስ የሰማ፣ ሰውም ያጣ ቤት ብዙ ነው። ከወጣቱ ስልክ የሚወጣ የጥይት ድምፅ እናትን ሊያስደነግጥ፣ ሕፃንን ሊያስለቅስ ይችላል። የጆሮ ማዳመጫ መጠቀም ግዴታ ነው ብለው ይያዙት፤ ከሌለ ድምፁን ያጥፉ። ታናናሽ ወንድምና እኅት ባሉበት ቤት ጠብመንጃ የሌለባቸውን የዝላይ፣ የእሽቅድምድምና የድብብቆሽ ሞዶች ይምረጡ። እነዚህን ከዋናው ጨዋታ ውስጥ አያገኙም፤ ተጫዋች የሠራው ሞድ ግን ይህን ምርጫ ይሰጣል።

6. ችግር ሲገጥም

ክፍሉ «አልተገኘም» ካለ መጀመሪያ እትሙን፣ ቀጥሎ ሰርቨሩን ያነጻጽሩ። አብዛኛው ችግር ከሁለቱ አንዱ ነው።

አንድ ሰው በዙሩ መካከል ከተቋረጠ ጨዋታውን ዘግቶ ወዲያው ይክፈተው። አንዳንድ ሞድ ወደ ዙሩ ይመልሰዋል፣ አንዳንዱ እስከሚቀጥለው ያስጠብቀዋል። ክፍሉን የከፈተው ሰው ከተቋረጠ ክፍሉ ሊዘጋ ስለሚችል፣ ማን እንደሚተካው አስቀድሞ ይወሰን።

ስልኩ ከጋለና ምስሉ ከተንቀረፈፈ የምስል ጥራቱን ዝቅ ያድርጉ፣ ጥላውን ያጥፉ፣ ቻርጅ እያደረጉ መጫወቱን ያቁሙ።

ካርታው ውስጥ ወይም በውይይት ሳጥኑ ነፃ አልማዝ ወይም ዩሲ (የጨዋታዎቹ ገንዘብ) ይሰጣል የሚል ሰው ካጋጠመ አይከተሉት። የአካውንት ፓስወርድና በስልክ የመጣ የማረጋገጫ ቁጥር ለማንም አይሰጥም። የተለወጠ የጨዋታ ፋይል ከቴሌግራም ማውረድም ሁለት ጉዳት አለው፤ ስልኩን ለቫይረስ ያጋልጣል፣ አካውንቱንም ያሳግዳል።

7. ኢንተርኔት በሌለበት ቀን

በ2015 ዓ.ም. ሐምሌ መጨረሻ በአማራ ክልል የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሲታወጅ የሞባይል ኢንተርኔትም ተቋረጠ፤ መቋረጡም ለወራት ቀጠለ። ፍሪ ፋየርም ሆነ ፓብጂ ሞባይል ከሰርቨር ውጭ ስለማይንቀሳቀሱ እንዲህ ባለ ጊዜ ምንም አያደርጉም። ለዚህ መፍትሔው ኮምፒውተር ከኮምፒውተር በቅርብ ማገናኘት ነው።

እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣው ካውንተር ስትራይክ 1.6 ዛሬ አሮጌ በሚባል ኮምፒውተር ላይ ይሠራል፣ በአንድ ሰርቨርም እስከ 32 ሰው ያጫውታል። ኮምፒውተሮቹን በስዊችና በኬብል ያገናኙ፤ ላፕቶፖች ከሆኑ የአንድ ስልክ ሆትስፖት ይበቃል። ሆትስፖቱ ዳታ ባይኖረውም ኮምፒውተሮቹን እርስ በርስ ያገናኛል። ከዚያ አንዱ አዲስ ጨዋታ ብሎ ሰርቨር ይክፈት፤ ሌሎቹ ሰርቨር መፈለጊያውን ከፍተው የላን (የቅርብ ኔትወርክ) ገጹን ያድሱ፣ ስሙ ሲመጣ ይግቡ። ካልመጣ የዊንዶውስ ፋየርዎል ለጨዋታው መፍቀዱን ይዩ። መንገዱ በሬዲዮ ሞገድም ይሁን በኬብል ከክፍሉ ስለማይወጣ ፒንጉ ብዙ ጊዜ ከአሥር በታች ይሆናል።

ተጫዋች የሠራው ካርታ እዚህ የሚመጣው በፍላሽ ነው። ፋይሉን በሁሉም ኮምፒውተሮች የጨዋታው የካርታ ማኅደር ውስጥ ይገልብጡ። «ካርታዎ ከሰርቨሩ ይለያል» የሚል መልእክት ከመጣ የሁለቱ ፋይል እትም አይመሳሰልምና ከሰርቨሩ ኮምፒውተር እንደገና ይገልብጡ። ሕጉን የሚለውጡት እንደ ገን ጌምና ዞምቢ ያሉ ሞዶች ደግሞ ኤኤምኤክስ ሞድ ኤክስ በተባለ ፕሮግራም አማካይነት በሰርቨሩ ላይ ብቻ ይጫናሉ፤ ሌላው ተጫዋች ምንም ሳይጨምር ይገባባቸዋል።

በነፃ የሚገኝና ሕጋዊ የሆነ ከተፈለገ እ.ኤ.አ. ከ2006 ጀምሮ ያለው አሶልት ኪዩብ አለ። ክብደቱ 50 ሜጋባይት ገደማ ብቻ ስለሆነ በአንድ ፍላሽ ለከተማው ሁሉ ይደርሳል። ካርታ መሥሪያውም በጨዋታው ውስጥ ነው፤ ሁለት ሦስት ሰው በአንድ ጊዜ ገብቶ አብሮ ግድግዳ ማቆም ይችላል።

8. ከመጫወት ወደ መሥራት

ጥቂት ካርታዎችን የቀመሰ ተጫዋች የራሱን ለመጀመር ፕሮግራም መጻፍ አይጠበቅበትም። ክራፍትላንድም ወርልድ ኦፍ ዎንደርም ግድግዳ፣ በር፣ ደረጃና መሣሪያ በጣት እየጎተቱ የሚያስቀምጡበት መሥሪያ አላቸው። በአዲስ አበባ የሚገኘው የጨዋታ ሠሪ ኩባንያ ቅኔ ጌምስ ኩኩሉ የተባለውን፣ ከአሳዳጇ የምታመልጥ ዶሮን የሚያሳይ የስልክ ጨዋታ ከአገር ቤት ሕይወት ቀድቶ ሠርቷል። የጎጃም ተጫዋችም ከሚያውቀው ቦታ መጀመር ይችላል።

ቡሬ ለዚህ የተመቸች ናት። ከፍኖተ ሰላም የሚመጣው አስፋልት ከተማዋ ላይ ሲደርስ አንዱ በእንጅባራ በኩል ወደ ባሕር ዳር፣ ሌላው ዓባይን ተሻግሮ ወደ ነቀምት ይለያያል። ሦስት መንገድ የሚገናኙበት መሐል ለቡድን ጨዋታ የታወቀ ጥሩ አሣሣል ነው፤ አንዱ ቡድን ከፍኖተ ሰላም መግቢያ ይነሣ፣ ሌላው ከነቀምት መውጫ፣ የሚይዙት ዕቃ ደግሞ በባሕር ዳሩ መንገድ ላይ ይቀመጥ። መጀመሪያ መንገዶቹንና መጋረጃ የሚሆኑ ጥቂት ሱቆችን ብቻ ያቁሙ። ከሁለት ሰው ጋር ገብተው ከአንዱ ጫፍ እስከ መሐሉ በስንት ሰከንድ እንደሚደረስ ይለኩ፤ የአንዱ ወገን በጣም ካጠረ መነሻውን ወደ ኋላ ይግፉት። ከዚያ ስድስት ሰው ያስገቡና ሁሉም የሚሞትበትን ጥግ ፈልገው መጠለያ ይጨምሩበት። በመካከለኛ ስልክ ሳይንቀረፈፍ መሥራቱ ሲረጋገጥ ሕጉን በአማርኛ በመግለጫው ላይ ጽፈው ካርታውን ይልቀቁ፣ ኮዱንም ለደምበጫ፣ ለጅጋና ለሽንዲ ተጫዋቾች ይላኩ።